ዲስኩ ቅጂ ነው፤ ሪሉን አትጣሉ

ለጋዜጣው ዋና አዘጋጅ

ጤና ይስጥልኝ። ባለፈው እትማችሁ የኪነ ጥበብ ገጽ ላይ፣ የቆዩ ፊልሞች ታድሰው በከፍተኛ ጥራት ዲስክ እየወጡ ስለመሆናቸው ያስነበባችሁት ጽሑፍ የሚያስደስት ነበር። ስለ ፊልም ጥገና በአማርኛ የሚጻፈው ጥቂት ነውና ጸሐፊውን አመሰግናለሁ። አንዱ ዓረፍተ ነገር ግን በዝምታ የሚታለፍ አይደለም። «ፊልሙ አንዴ ወደ ዲጂታል ከተገለበጠ በኋላ ሪሉ ቦታ ከማጣበብ በቀር ጥቅም የለውም» ይላል፤ ሪል የሚለው የፊልሙን ጥቅል ነው። ይህን ያመነ ሰው ነገ መጋዘኑን ቢያጸዳ፣ የሚጥለው ነገር ተመልሶ አይገኝም። ጽሑፉ በምሳሌነት ያነሳው የሳትያጂት ራይ የአፑ ሦስትዮሽ ደግሞ የሚመሰክረው ተቃራኒውን ነው። ስለዚህ ያ ሥራ እንዴት እንደተሠራ በዝርዝር ላስረዳ። ዲስኩን ገዝቶ ለሚያይም፣ ቤቱ ወይም መሥሪያ ቤቱ ሪል ላለውም የሚሆን ነገር አለበት። የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሦስቱ ፊልሞች «ፓተር ፓንቻሊ» (1955)፣ «አፓራጂቶ» (1956) እና «አፑር ሳንሳር» (1959) ናቸው። በቤንጋሊ ቋንቋ፣ በጥቁርና ነጭ፣ በ35 ሚሊ ሜትር ፊልም የተቀረጹ ሲሆኑ፣ አፑ የሚባል የገጠር ልጅ አድጎ አባት እስኪሆን ይከተሉታል። ራይ በ1992 ከመሞቱ ጥቂት ቀደም ብሎ የአሜሪካው የፊልም አካዳሚ የክብር ኦስካር ሲሰጠው፣ በሥነ ሥርዓቱ ላይ የሚታይ ንጹሕ ቅንጫቢ ማግኘት ራሱ አስቸጋሪ ሆኖ ነበር። ፊልሞቹ በክፉ ይዞታ ላይ መሆናቸው የታወቀው ያኔ ነው። ከዚያ በኋላ ዋናዎቹ ኔጌቲቮች (ካሜራው ውስጥ ያለፉት፣ ጥቁሩ ነጭ ነጩ ጥቁር ሆኖ የሚታይባቸው ፊልሞች) ከህንድ ተነሥተው ለንደን ወደሚገኘው የሄንደርሰን ፊልም ላቦራቶሪ ተላኩ። በሐምሌ 1993 ላቦራቶሪው በእሳት ተያያዘ።

እሳቱ ለምን ያን ያህል እንደከፋ ማወቅ ይጠቅማል። እስከ 1950ዎቹ መጀመሪያ ድረስ የ35 ሚሊ ሜትር ፊልም የሚሠራው ከናይትሬት ነበር። ናይትሬት ሲቃጠል የሚያስፈልገውን ኦክስጅን ራሱ ያመነጫል። በአሸዋ ቢቀብሩት፣ ውሃ ውስጥ ቢነክሩት መንደዱን አያቆምም። አንድ ቆርቆሮ ናይትሬት ከተለኮሰ አጠገቡ ያለውን ሁሉ ይዞ ይሄዳል፤ እዚያ የነበሩ የብዙ ሌሎች ፊልሞች ኔጌቲቮችም አብረው ነደዋል።

ከአመዱ የተለቀመው የራይ ፊልሞች ቅሪት ሎስ አንጀለስ ወደሚገኘው የአካዳሚው የፊልም ቤተ መዛግብት ተላከ። የቀለጠ ጠርዝ፣ የተጣበቀ ጥቅል፣ ሲነኩት የሚሰባበር ቅርፊት ነበር። ያኔ በእንዲህ ዓይነት ነገር ላይ መሥራት የሚችል ላቦራቶሪ አልተገኘም። እዚያ የነበሩ ሰዎች እንደ ጸሐፊያችሁ አስበው ቢሆን ኖሮ «የተቃጠለ ነው፤ ቅጂዎች ደግሞ በየአገሩ አሉ» ብለው ይጥሉት ነበር። አልጣሉትም። 20 ዓመት አስቀመጡት። በ2013 ክራይቴሪየን የተባለው የአሜሪካ ዲስክ አሳታሚ ከአካዳሚው ጋር ሆኖ ሥራውን ሲጀምር፣ ቅሪቱ ጣሊያን ቦሎኛ ወደሚገኘው ሊማጂኔ ሪትሮቫታ የጥገና ላቦራቶሪ ተጓዘ።

ጠበቅ ተደርጎ የተጠቀለለ ሪል በእሳት ውስጥ እንደተዘጋ መጽሐፍ ነው። ውጭ ያሉት ዙሮች ይከስላሉ፣ ጠርዙ ይቀልጣል፤ በመሀል ያለው ግን ብዙውን ጊዜ ይተርፋል። ችግሩ ሲፈታ ነው። ሙቀቱ ከፊልሙ ውስጥ ያለውን እርጥበት ስላወጣው እንደ ደረቀ ቂጣ ይሰበራል። ቦሎኛ ያሉት ባለሙያዎች መጀመሪያ ያደረጉት አንድ እጅ ግሊሰሪን፣ አንድ እጅ አሴቶን እና ሦስት እጅ ውሃ በያዘ ውህድ እርጥበቱን መመለስ ነበር። ግሊሰሪኑ ውሃን ይዞ ያቆያል፣ አሴቶኑ የፕላስቲኩን ገጽ በጥቂቱ ያለሰልሳል። ይህን የሚያነብ ማንም ሰው ቤቱ እንዳይሞክረው አደራ እላለሁ። አሴቶን መጠኑ ትንሽ ካለፈ ፊልሙን ያሟሟል፤ ላቦራቶሪዎች ፊልም ከፊልም የሚያጣብቁበት ሙጫ ውስጥ የሚገባውም ለዚህ ነው።

ፊልሙ መታጠፍ ከቻለ በኋላ የእጅ ሥራው ተከተለ። በ35 ሚሊ ሜትር ፊልም ላይ እያንዳንዱ ፍሬም በግራም በቀኝም 4 ቀዳዳዎች አሉት፤ ማሽን ፊልሙን የሚጎትተው በእነሱ ነው። በተቃጠለው ኔጌቲቭ ላይ ቀድሞ የሄደው ጠርዙ፣ ማለትም ቀዳዳዎቹ ናቸው። ባለሙያዎቹ የቀለጠ ቴፕና ሙጫ ከላዩ ላይ እየላጡ፣ የጠፉትን ቀዳዳዎች በአዲስ ቁራጭ እየተኩ፣ የተላቀቁትን መጋጠሚያዎች እንደገና እያያያዙ ወደ አንድ ሺህ ሰዓት የሚጠጋ ጊዜ በእጅ ሠሩ። ከዚያም ቀዳዳውን በብረት ጥርስ በማይዝ፣ ፊልሙን በለስላሳ ተሽከርካሪ ብቻ በሚያሳልፍ ስካነር በ4ኬ፣ ማለትም በወርድ ወደ 4,000 ፒክስል በሚጠጋ ጥራት፣ ተነሣ። የድሮው ዓይነት ባለ ጥርስ ማሽን ቢሆን ኖሮ የመጀመሪያው ሜትር ላይ ይበጣጥሰው ነበር።

ውጤቱ ይህ ነው፦ ከ«ፓተር ፓንቻሊ» ኔጌቲቭ 40 በመቶው፣ ከ«አፓራጂቶ» ደግሞ ከ60 በመቶ በላይ የሚሆነው ለሥራ በቃ። «ፓተር ፓንቻሊ» 125 ደቂቃ ነው፤ በሰከንድ 24 ፍሬም ሲሰላ 180,000 ፍሬም ይሆናል። 40 በመቶው ማለት ጸሐፊያችሁ ቦታ አጣበበ በሚሉት ዓይነት ዕቃ ውስጥ 20 ዓመት ተኝተው የቆዩ 72,000 ምስሎች ማለት ነው። የ«አፑር ሳንሳር» የተረፉት ሪሎች ግን ከመጠን በላይ ተጎድተው ስለነበር ምንም ሊወሰድላቸው አልቻለም።

የጎደለው የተሞላው ከቅጂዎች ነው፤ እዚህ ላይ ነው «ቅጂ እያለ ሪሉ ለምን» የሚለው ጥያቄ መልስ የሚያገኘው። ካሜራው ውስጥ ያለፈው ኔጌቲቭ አንድ ብቻ ነው። ከእሱ ፋይን ግሬን ማስተር የሚባል ፖዘቲቭ ይታተማል፤ ከዚያ የድጋሚ ኔጌቲቭ፤ ከዚያ ሲኒማ ቤት የሚሄደው ቅጂ። በእያንዳንዱ እርከን የአዲሱ ፊልም ቅንጣት (ምስሉን የሚሠራው ደቃቅ ነጥብ) በአሮጌው ላይ ይደረባል፣ ጥቁሩ ይጠቁራል፣ ነጩ ዝርዝሩን ያጣል። በሦስተኛው እርከን ላይ ጥላ ውስጥ ያለ ፊት ዓይኑ ጉድጓድ ይሆናል። ለአፑ ፊልሞች ከአካዳሚው፣ ከብሪቲሽ ፊልም ኢንስቲትዩት፣ ከሃርቫርድ የፊልም ቤተ መዛግብትና ከፊልም አከፋፋዩ ጃነስ ፊልምስ ፋይን ግሬን ማስተሮችና የድጋሚ ኔጌቲቮች ተሰብስበው ክፍተቱ ተሞላ፤ ሦስተኛው ፊልም ሙሉ በሙሉ የተሠራው ከእነዚህ ነው። ዲስኩን በጥንቃቄ የሚያይ ሰው አንዱ ትዕይንት ከሌላው ትንሽ ለስለስ ወይም ሸካራ ሲልበት ምክንያቱ ይኸው ነው፤ የማጫወቻው ወይም የዲስኩ ብልሽት አይደለም።

ስካኑ ሲያልቅ የሚመጣው የዲጂታል ጽዳት ነው። ጽሑፋችሁ «ኮምፒዩተሩ አዲስ አድርጎታል» ያለው ይህንን ክፍል ሲሆን፣ ብዙ የታደሱ ፊልሞች የሚበላሹትም እዚሁ ነው። በአፑ ፊልሞች ላይ ይህ ደረጃ ብቻ ወደ ስድስት ወር ወስዷል።

የአቧራ ማጽጃው ፕሮግራም የሚሠራው እንዲህ ነው። አንድን ፍሬም ከፊቱና ከኋላው ካለው ጋር ያስተያያል። በአንዱ ላይ ብቻ ታይቶ በሁለቱ ላይ የሌለ ነጥብ ካገኘ «ቆሻሻ ነው» ብሎ ከጎረቤት ፍሬም በወሰደው ምስል ይሸፍነዋል። ኔጌቲቩ ላይ የነበረ አቧራ ሲታተም ነጭ ሆኖ፣ ፖዘቲቩ ላይ የነበረ ደግሞ ጥቁር ሆኖ ይታያል። እስከዚህ ጥሩ ነው። አሁን «ፓተር ፓንቻሊ» ውስጥ አፑና እኅቱ ዱርጋ ባቡር ሊያዩ የሚሮጡበትን ሜዳ አስቡ። ሜዳው ካሽ በሚባል፣ ሰንበሌጥ በሚመስል ረጅም ሣር ተሸፍኗል፤ ጫፉ ላይ ነጭ ጥጥ የመሰለ አበባ አለ። ነፋስ ሲነካው ያ ነጭ ነገር ይንቀጠቀጣል፣ ጥጡ ይበናል። ለፕሮግራሙ ይህ ሁሉ በአንድ ፍሬም ታይቶ የጠፋ ነጭ ነጥብ ነው። በከፍተኛ ኃይል ብትለቁት አበባውን እንደ አቧራ ይጠርገዋል፤ ሣሩ ይደነዝዛል፣ ነፋሱ ይቆማል። በዚያው ፊልም ውስጥ ባለው ዝናብም እንዲሁ ነው፤ ጠብታ ከቆሻሻ የሚለየው በሰው ዓይን ብቻ ነው። ስለዚህ በእንደዚህ ዓይነት ትዕይንት ላይ አውቶማቲኩ ተዘግቶ አንድ ሰው ፍሬም በፍሬም ይቀመጥበታል። 10 ሰከንድ 240 ፍሬም ነው።

ያ ሜዳ በ1952 ጥቅምት ላይ የተቀረጸ የፊልሙ የመጀመሪያ ቀን ሥራ ነበር። ራይ ከሳምንት በኋላ ሊጨርሰው ሲመለስ ከብቶች አበባውን በልተው ጠብቀውታል፤ ሣሩ እንደገና እስኪያብብ አንድ ዓመት ጠበቀ። ያን ያህል የተጠበቀ አበባ በአንድ ቁልፍ ሲጠረግ ማየት ያሳዝናል።

ሁለተኛው አደጋ የፊልም ቅንጣት ነው። ፊልም ላይ ምስሉ የሚቀመጠው በብር ቅንጣቶች ነው፤ በስክሪን ላይ እንደ ደቃቅ የሚፈላ አሸዋ ይታያሉ። ብዙ ተመልካች ይህን እንደ ጉድለት ይቆጥረዋል፤ አንዳንድ አሳታሚም ደንበኛውን ለማስደሰት ይፍቀዋል። ቅንጣቱ ግን ምስሉ ራሱ ነው። ሲፋቅ አብሮ የሚሄደው የቆዳ ቀዳዳ፣ የሻሽ ሽመና፣ የጭቃ ግድግዳ ስንጥቅ ነው። ፊቱ በሰም የተለበጠ ይመስላል። ከዚያ ደግሞ የጠፋውን ጥራት ለመመለስ ጠርዝ ማጉያ ይጨምሩበታል፤ በሰው ትከሻ ዙሪያ ቀጭን ነጭ መስመር ካያችሁ የዚህ ምልክት ነው። የአፑ ዲስኮች ቅንጣቱን ትተውታል፤ ትክክል አድርገዋል።

ጭረትን በተመለከተ አንድ ነገር ልጨምር። ፊልም ሁለት ገጽ አለው፦ አንጸባራቂው ፕላስቲክና ምስሉን የያዘው ደብዛዛ ገጽ። ጭረቱ በፕላስቲኩ በኩል ከሆነ ስካን ሲደረግ ከፕላስቲኩ ጋር ተመሳሳይ የብርሃን ስብራት ባለው ፈሳሽ ውስጥ ማሳለፍ ይበቃል፤ ፈሳሹ ስንጥቁን ሞልቶ ብርሃኑ ሳይሰበር ስለሚያልፍ ጭረቱ ከነጭራሹ አይታይም። ምስሉ ያለበት ገጽ ከተጫረ ግን የሄደው ምስሉ ነውና ፈሳሹ አያድነውም፤ ከጎረቤት ፍሬም እየተበደሩ መሙላት ነው ያለው።

ድምፁ የራሱ ጣጣ አለው። በእነዚህ ፊልሞች ቅጂ ላይ ድምፅ ከምስሉ ጎን እንደ ቀጭን የብርሃን መስመር ታትሟል፤ አቧራ ሲያርፍበት ይንጫጫል። ንጫጫታውን ለማጥፋት ከፍተኛውን ድምፅ መቁረጥ ቀላል ነው፤ ኪሳራው ግን ከባድ ነው። «ፓተር ፓንቻሊ» ውስጥ አባትየው ከመንገድ ሲመለስ እናትየዋ የምትጮኸው ጩኸት አይሰማም፤ በእሱ ፋንታ ታር ሸህናይ የሚባለው ባለ ክር መሣሪያ በቀጭኑ ይጮኻል። ያ ቅጥነት ከተቆረጠ ትዕይንቱ ሞተ።

የታደሱት ፊልሞች መጀመሪያ የታዩት በግንቦት 4 ቀን 2015 በኒውዮርክ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ነው፤ «ፓተር ፓንቻሊ» ለዓለም መጀመሪያ የታየውም እዚያው፣ በግንቦት 1955 ነበር። ብሉሬይው፣ ማለትም ባለ ከፍተኛ ጥራት ዲስኩ፣ በዚያው ዓመት ኅዳር ላይ ወጣ።

ዲስክ ለመግዛት ለሚያስቡ አንባቢዎቻችሁ። ሽፋኑ ላይ «ኤችዲ» ወይም «በዲጂታል የታደሰ» የሚል ጽሑፍ ብቻውን ምንም አይነግራችሁም። የድሮ የቴሌቪዥን ቴፕ በኮምፒዩተር ተለጥጦ 1920 በ1080 ሊሆን ይችላል፤ ያልነበረውን ዝርዝር ግን አያመጣም። መፈለግ ያለባችሁ ከምን ላይ ስካን እንደተደረገ የሚናገረውን መስመር ነው። «ከዋናው የካሜራ ኔጌቲቭ» የሚል ከሆነ ከሁሉ ይበልጣል፤ «ከፋይን ግሬን ማስተር» ከሆነ ደህና ነው፤ ምንም ካልተባለ ግን ተጠንቀቁ። ሐቀኛ አሳታሚ ይህን በጀርባው ወይም በውስጡ ባለው ቡክሌት ላይ ይጽፋል።

ከዋሽንግተን ወይም ከሌላ የአሜሪካ ከተማ ዘመድ ልኮላችሁ «አይሠራም» የምትሉት ዲስክ ብዙውን ጊዜ የተበላሸ አይደለም። ብሉሬይ በሦስት ክልል ተከፍሏል። አሜሪካ ክልል ኤ ነው፤ አውሮፓ፣ አፍሪካና መካከለኛው ምሥራቅ፣ ማለትም አዲስ አበባም፣ ዱባይም፣ ቴል አቪቭም፣ ክልል ቢ ናቸው። ህንድ ራሷ ክልል ሲ ነች። ለአሜሪካ ገበያ የታተመ የክልል ኤ ዲስክ ዱባይ በተገዛ ተራ ማጫወቻ አይከፈትም። መላው ከሁለት አንዱ ነው፦ ለሁሉም ክልል ክፍት የሆነ ማጫወቻ ወይም የእንግሊዙን እትም መግዛት። ባለ 4ኬዎቹ የዩኤችዲ ዲስኮች የክልል ቁልፍ የላቸውም፤ የሚከፍታቸው ግን የዩኤችዲ ማጫወቻ ብቻ ነው። ዲቪዲ ላይ ደግሞ ሌላ ነገር አለ። ለአውሮፓ የቴሌቪዥን ሥርዓት የተዘጋጀ ዲቪዲ በሰከንድ 24 የነበረውን ፍሬም በ25 ያስኬደዋል፤ 125 ደቂቃው ፊልም በ120 ደቂቃ ያልቃል፣ ካልተስተካከለ ድምፁም ይቀጥናል። ብሉሬይ በ24 ስለሚሄድ ይህ ችግር የለበትም።

ከዚያ ቴሌቪዥኑ። የአፑ ፊልሞች ቅርጽ 1.37 ለ1 ነው፣ ወደ አራት ማዕዘን የቀረበ። በሰፊው ስክሪን ላይ ምስሉ 1480 ፒክስል ያህል ወርድ ይይዛል፤ በግራና በቀኝ ጥቁር ሆኖ ይቀራል። ያ ጥቁር ስህተት አይደለም። ሪሞቱ ላይ «ዙም» ብላችሁ ስክሪኑን ብትሞሉት ከምስሉ ወደ 23 በመቶው ከላይና ከታች ይቆረጣል፦ የሰዎቹ አናትና እግር። ብትለጥጡት ደግሞ ሁሉም ያጥራል፣ ይወፍራል። ፒክቸር ሴቲንግ ውስጥ ገብታችሁ «ቪቪድ» የሚለውን ትታችሁ «ሲኒማ» ወይም «ፊልም ሜከር» የሚለውን ምረጡ። ሻርፕነሱን ወደ ዜሮ አውርዱት፣ ምስል «የሚያጸዳውን» ኖይዝ ሪዳክሽን ዝጉ። እንቅስቃሴ የሚያለሰልሰውንም ዝጉ፤ እሱ በፍሬሞች መካከል ያልነበረ ፍሬም ፈጥሮ ስለሚያስገባ ፊልሙን ተከታታይ ድራማ ያስመስለዋል። አንድ ሺህ ሰዓት የተለፋበትን ሥራ ቴሌቪዥኑ በአንድ ሰከንድ እንዳያበላሸው ነው።

ኢንተርኔት ላይ ከማየት ዲስኩ የሚሻለውም በቅንጣቱ ምክንያት ነው። ብሉሬይ በሰከንድ እስከ 40 ሜጋቢት ምስል ያስተላልፋል፤ በመስመር ላይ የሚመጣው ኤችዲ የዚያን ትንሽ ክፍል ነው። መስመሩ ሲደክም መጀመሪያ የሚሰዋው በየፍሬሙ የሚለዋወጠው ደቃቅ ነገር ነው፤ ቅንጣቱ ወደ አራት ማዕዘን ጡብ ይለወጣል። ይህ ማለት የመስመር ላይ ስርጭት ጥቅም የለውም ማለት አይደለም። የኃይሌ ገሪማ «ሳንኮፋ» በ4ኬ ታድሶ በ2021 ኔትፍሊክስ ላይ ሲወጣ፣ ለዓመታት በጥሩ ቅጂ ሊያየው ያልቻለ ሰው ሁሉ አይቶታል።

ወደ እኛ ሪሎች ልምጣ። ከ«ሂሩት አባቷ ማን ነው» ዘመን ጀምሮ በአገራችን በ35 እና በ16 ሚሊ ሜትር የተቀረጸ ፊልም፣ ዜናና ዘጋቢ ሥራ አለ። የኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» (1976) ራሱ 16 ሚሊ ሜትር፣ ጥቁርና ነጭ ነው። የ16 ሚሊ ሜትር ፍሬም ስፋት ከ35ቱ ከሩብ ያነሰ ነውና እያንዳንዱ የኮፒ እርከን እጥፍ ይጎዳዋል፤ ዋናው ኔጌቲቭ ያለው ዋጋ የዚያኑ ያህል ከፍ ይላል። ሳይቃጠል በቅጠል እንዲሉ፣ ሪል ያለው ሰው ወይም ተቋም ዛሬ ሊያደርገው የሚችለው ነገር ብዙ ወጪ የለውም።

መጀመሪያ ቆርቆሮውን ከፍታችሁ አሽትቱ። የኮምጣጤ ሽታ ካለው ፕላስቲኩ መበስበስ ጀምሯል ማለት ነው። አሲቴት (ናይትሬትን የተካው ፕላስቲክ) ፊልም ሲያረጅ አሴቲክ አሲድ ያወጣል፤ አሲዱ ራሱ መበስበሱን ያፋጥናል፤ ተዘግቶ ከተቀመጠ ደግሞ ይብሳል። የሚሸተውን ከማይሸተው ለዩ፣ ጎን ለጎን አታስቀምጡ። ዝገት ያለበትን ቆርቆሮ ትታችሁ አየር በሚያስወጣ የፕላስቲክ ጣሳ ውስጥ ሪሉን አጋድሙት እንጂ አታቁሙት። በላስቲክ ከረጢት አስራችሁ አትዝጉ፤ አሲዱን አብራችሁ ዘጋችሁበት ማለት ነው። እርግጠኛ ለመሆን ለሚፈልግ ሰው አሲድ ሲነካው ከሰማያዊ ወደ አረንጓዴ ከዚያም ወደ ቢጫ የሚለወጥ የመመርመሪያ ወረቀት አለ፤ 24 ሰዓት ጣሳው ውስጥ አድርጎ ማየት ነው።

ቀጥሎ መኮማተሩን ለኩ። 100 ቀዳዳ ቁጠሩና በማስመሪያ ለኩ። አዲስ የ16 ሚሊ ሜትር ፕሪንት (ለማሳያ የታተመ ቅጂ) 762 ሚሊ ሜትር ይሆናል፣ የ35ቱ 475። 16ቱ ከ754 በታች፣ 35ቱ ከ470 በታች ከወረደ ፊልሙ ከ1 በመቶ በላይ ተኮማትሯል፤ በማንኛውም ፕሮጀክተር ላይ ከጫናችሁት ጥርሱ ከቀዳዳው ጋር ስለማይገጥም እየቀደደው ይሄዳል። እንደ እውነቱ ከሆነ ብቸኛ ቅጂ ምንም ያህል ደህና ቢመስል በፕሮጀክተር መታየት የለበትም። «እስቲ ይሠራ እንደሆነ እንየው» ተብሎ የጠፋ ብዙ ነው።

ቦታውን በተመለከተ የአዲስ አበባ አየር ከሞቃት ከተማ አየር ይሻላል። በ21 ዲግሪና በ50 በመቶ እርጥበት አዲስ አሲቴት ፊልም የኮምጣጤ ሽታ እስኪጀምረው 40 ዓመት ያህል ይፈጃል፤ ሙቀቱ ሲጨምር ጊዜው በፍጥነት ያጥራል። ጠላታችን የክረምቱ እርጥበት ነው፤ ሻጋታው ምስሉን የያዘውን ጄላቲን ይበላል። በቀጥታ ከቆርቆሮ ጣሪያ ሥር ያለ ክፍል ቀን ይግላል ማታ ይበርዳል፣ ምድር ቤት ደግሞ ይረጥባል። በመካከለኛ ፎቅ፣ ከውጭ ግድግዳ የራቀ፣ የውሃ ቧንቧ የማያልፍበት ክፍል ይሻላል። ሻጋታውን በእርጥብ ጨርቅ አትጥረጉ፤ እርጥብ ጄላቲን ከነምስሉ ይላጣል። በቤንዚን ወይም በነጭ ጋዝ ማጽዳትም ይቅር።

ስካን ማድረግ ግድ ነው፣ በዚህ ከጸሐፊያችሁ ጋር አንጣላም። ግን ዲጂታሉ ራሱ ሞግዚት ይፈልጋል። አንድ የ4ኬ ፍሬም ሳይጨመቅ 50 ሜጋባይት ገደማ ነው፤ 180,000 ፍሬም ሲሆን 9 ቴራባይት። ይህ በሁለት የተለያዩ ሕንጻዎች ቢያንስ በሦስት ቅጂ መቀመጥ፣ በየጊዜው እየተፈተሸ በየጥቂት ዓመቱ ወደ አዲስ ዲስክ ወይም የዳታ ቴፕ መዛወር አለበት። መሳቢያ ውስጥ የተረሳ ሃርድ ዲስክ ከ20 ዓመት በኋላ ሲሰኩት ላይነሣ ይችላል፤ ከተነሣም ፋይሉን የሚከፍት ፕሮግራም ላይኖር ይችላል። የተረሳ ሪል ግን ብርሃን ላይ ቢይዙት ምስሉ በዓይን ይታያል። ደግሞም በ2005 በ2ኬ የተሠራ ስካን ዛሬ በ4ኬ ለመሥራት አይበቃም፤ እንደገና የሚሄዱት ወደ ሪሉ ነው።

ስለዚህ በሚቀጥለው እትም ያቺ ዓረፍተ ነገር እንድትታረም እጠይቃለሁ። ማረሚያው አጭር ይሁን፦ ስካን የተደረገ ሪል አይጣል፤ ጣሳው ላይ ርዕሱ፣ ኔጌቲቭ ይሁን ፖዘቲቭ፣ ርዝመቱ፣ የሽታው ደረጃና የተፈተሸበት ቀን በእርሳስ ተጽፎ ይቀመጥ። ለጣሳው ቦታ ያጣ ተቋም ካለም ከመጣሉ በፊት ስለ ፊልም ጥበቃ የሚያውቅ ሰው ያማክር።

ከአክብሮት ጋር
የፊልም ጥገና ባለሙያ፣ ከአዲስ አበባ